የደረጃ ዕድገት ቅሬታ ያለው የመንግሥት ሠራተኛ የሚከተላቸው የሕግ መንገዶች

የደረጃ ዕድገት ለመንግሥት ሠራተኛ የተሻለ ደመወዝና ኃላፊነት የሚያስገኝ በመሆኑ ብዙ ጊዜ ቅሬታ ይነሣበታል። ይህ ጽሑፍ በፌዴራል መንግሥት መሥሪያ ቤቶች የሚሠሩ ሠራተኞች ቅሬታቸውን ለማን፣ በምን ቅደም ተከተልና እንዴት አድርገው ማቅረብ እንደሚገባቸው ያስረዳል።

የመብቱ ይዘት

የደረጃ ዕድገት በአገልግሎት ዘመን ብዛት ብቻ የሚገኝ መብት አይደለም። ሠራተኛው ያለው መብት ለሥራ መደቡ የተቀመጠውን ተፈላጊ ችሎታ አሟልቶ ሲገኝ በእኩልነት የመወዳደርና በችሎታው የመመዘን መብት ነው። ስለዚህ ቅሬታው «ለምን አልተመረጥኩም» በሚል ብቻ ሳይሆን፣ በውድድሩ ሂደት የትኛው ሥርዓት እንደተጣሰ በማሳየት ሊቀርብ ይገባል። ለምሳሌ፦

• ክፍት የሥራ መደቡ ለሠራተኞች በአግባቡ ሳይገለጽ ሲቀር፤
• በማስታወቂያው ላይ የተገለጸው መስፈርት በውድድሩ መካከል ሲለወጥ፤
• የሥራ አፈጻጸም ውጤት፣ የትምህርት ወይም የሥራ ልምድ ማስረጃ ሳይያዝ ወይም በስህተት ሲያዝ፤
• በሕግ የተደነገገ የድጋፍ እርምጃ ሳይፈጸም ሲቀር።

አግባብነት ያለው ሕግ

የፌዴራል መንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 1064/2010 በአዋጅ ቁጥር 1353/2017 ተተክቷል። ቅሬታ አቅራቢው ውሳኔው በተሰጠበት ጊዜ የትኛው አዋጅና መመሪያ በሥራ ላይ እንደነበረ አስቀድሞ ማረጋገጥ ይኖርበታል። የክልሎችና የአዲስ አበባ ከተማ አስተዳደር ሠራተኞች በየራሳቸው ሕግ ይተዳደራሉ። የመንግሥት የልማት ድርጅቶች ሠራተኞች ጉዳይ ደግሞ በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 የሚታይ ነው።

የቅሬታ አቀራረብ ቅደም ተከተል

1. የቅርብ ኃላፊ እና የሰው ሀብት አስተዳደር፦ ሠራተኛው በመጀመሪያ ስለ ውጤቱ ማብራሪያ ይጠይቃል። የነጥብ አያያዝ ስህተት ከሆነ በዚሁ ደረጃ ሊታረም ይችላል።

2. የቅሬታ አጣሪ ኮሚቴ፦ በውይይት ካልተፈታ ቅሬታው በጽሑፍ፣ ከማስረጃ ጋር ለመሥሪያ ቤቱ ኮሚቴ ይቀርባል። ኮሚቴው ጉዳዩን አጣርቶ የውሳኔ ሐሳቡን ለበላይ ኃላፊው ያቀርባል። ውሳኔ የሚሰጠው የበላይ ኃላፊው ነው።

3. የመንግሥት ሠራተኞች አስተዳደር ፍርድ ቤት፦ በውሳኔው ያልረካ ሠራተኛ ጉዳዩ በፍርድ ቤቱ ሥልጣን ሥር የሚወድቅ ሲሆን ይግባኝ ያቀርባል። ፍርድ ቤቱ ውሳኔውን ሊያጸና፣ ሊሽር ወይም ሊያሻሽል ይችላል።

4. መደበኛ ፍርድ ቤት፦ የአስተዳደር ፍርድ ቤቱ ውሳኔ የሕግ ስህተት አለበት የሚል ወገን በይግባኝ ማቅረብ ይችላል። የመጨረሻ ውሳኔ መሠረታዊ የሕግ ስህተት ሲኖርበት ጉዳዩ ለፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ሰሚ ችሎት ሊቀርብ ይችላል።

ከዚህ በተጨማሪ የአስተዳደር በደል ሲፈጸም ለኢትዮጵያ ሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋም አቤቱታ ማቅረብ ይቻላል። ሆኖም ተቋሙ በፍርድ ቤት የተያዘን ጉዳይ አይመረምርም።

ልዩ ትኩረት የሚሹ ጉዳዮች

እያንዳንዱ ደረጃ በሕግ የተወሰነ የጊዜ ገደብ አለው። በቃል ተስፋ እየተሰጠው ጊዜውን ያሳለፈ ሠራተኛ፣ ቅሬታው ትክክለኛ ቢሆንም እንኳ ሳይሰማ ሊቀር ይችላል። ስለሆነም ሠራተኛው፦

• ውሳኔው በጽሑፍ እንዲሰጠው ይጠይቅ፣ የደረሰበትንም ቀን ይመዝግብ፤
• የማስታወቂያውን፣ የማመልከቻውንና የሥራ አፈጻጸም ምዘናውን ቅጂ ይያዝ፤
• ቅሬታውን ገቢ ሲያደርግ የመዝገብ ቤት ቁጥርና ቀን ያለበት ማረጋገጫ ይቀበል፤
• የሚጠይቀውን መፍትሔ፣ ማለትም የነጥብ እርማት፣ የውድድሩን መደገም ወይም የውሳኔውን መሻር፣ ለይቶ ይግለጽ።

ቅሬታ ማቅረብ በሕግ የተረጋገጠ መብት እንጂ የዲሲፕሊን ጥፋት አይደለም። በወቅቱና በማስረጃ የቀረበ ቅሬታ የሠራተኛውን መብት ከማስከበሩም በላይ መሥሪያ ቤቱ አሠራሩን እንዲያርም ያግዛል።