ኮሶ፦ ከሰሜን ደጋ እስከ አውሮፓ መድኃኒት ቤት

ዋግንና ላስታን በመሳሰሉ የሰሜን ደጋዎች የሚታወቀው የኮሶ ዛፍ፣ ሴቴ አበባው ደርቆና ተፈጭቶ በውኃ ተበጥብጦ በባዶ ሆድ ሲጠጣ፣ ጥሬ የከብት ሥጋ በሚበላ ሰው አንጀት ውስጥ አድጎ ርዝመቱ ብዙ ሜትር የሚደርሰውን ጠፍጣፋ ትል የሚያስወጣ መድኃኒት በመሆን ለዘመናት አገልግሏል። አጠጣጡ ማኅበራዊ ወግም ነበረው፤ በ19ኛው መቶ ዘመን የመጡ ተጓዦች እንደጻፉት፣ ብዙ ሰው በየሁለት ወሩ ገደማ ኮሶ እየጠጣ በዚያን ዕለት ከቤቱ ስለማይወጣ፣ «ኮሶ ጠጥተዋል» የሚለው መልስ ያልተፈለገ እንግዳን በጨዋ ደንብ ለመመለስም ይጠቅም ነበር።

ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ በ1790 (እንደ አውሮፓ አቆጣጠር) ባሳተመው የጉዞ መጽሐፉ ዛፉን በሥዕል አስደግፎ ገልጾ በወዳጁ በጆሴፍ ባንክስ ስም ሰየመው፤ የዕፀዋት ሊቃውንት ግን ብዙም ሳይቆዩ ያን ስያሜ ትተው በኮኒግስበርጉ መድኃኒት ቀማሚ በሃገን ስም «ሃጌኒያ» አሉት። የአበባውን ፈዋሽነት ለአውሮፓ ሐኪሞች በይበልጥ ያስተዋወቀው፣ በቁስጥንጥንያ ይሠራ የነበረው ፈረንሳዊው ሐኪም ብራዬ ነው። የሚገርመው፣ መድኃኒቱ በፓሪስና በለንደን ሲሸጥ ሐኪሞቹ የበሽታውን መንገድ ገና አለማወቃቸው ነው፤ ጀርመናዊው ሩዶልፍ ሎይካርት ትሉ በከብት በኩል ወደ ሰው እንደሚተላለፍ በጥጃ ላይ ባደረገው ሙከራ ያሳየው ከ1860 ወዲህ ነበር።

ኮሶ መጠኑ ሲበዛ የዓይን ብርሃንን እስከ መጉዳት ስለሚደርስ፣ በ20ኛው መቶ ዘመን ኒክሎሳማይድን የመሰሉ እንክብሎች ሲመጡ ቦታውን እየለቀቀ ሄደ።