«ወለድ አግድ»፣ «መያዣ» እና «የቤት ብድር»፦ የረጅም ዘመን ዕዳ ዋጋ በስያሜዎቹ ታሪክ

ከጥቂት ዓመታት በፊት አንድ የተተረጐመ ሰነድ ለእርማት ቀርቦልን ነበር። በአሜሪካ የሚኖር አንድ ኢትዮጵያዊ ቤተሰብ ለቤት መግዣ ሲበደር ከአበዳሪው የተሰጠው መግለጫ ነው። ብድሩ 300,000 ዶላር፣ ዘመኑም 30 ዓመት ነው። በመግለጫው ላይ በመቶኛ የተጻፉ ሦስት ቁጥሮች ይገኛሉ፤ እነርሱም 6፣ 6.19 እና 115.84 ናቸው። የመጀመሪያው በውሉ የተወሰነው ዓመታዊ ወለድ ነው። ሁለተኛው ብድሩን ለማግኘት የተከፈለው ወጪ ከወለዱ ጋር ተጣምሮ በዓመት ሲታሰብ የሚወጣው ምጣኔ ነው። ሦስተኛው ደግሞ በ30ው ዓመት ውስጥ የሚከፈለው ወለድ ሁሉ ተደምሮ ከተበደሩት ገንዘብ ጋር ሲነጻጸር የሚገኘው ነው። ተርጓሚው ሦስቱንም «የወለድ መጠን» ብሏቸዋል። ባለጉዳዮቹም የመጨረሻውን ቁጥር ሲያዩ የነጥብ ስሕተት መስሏቸው እንደ ነበር ተነግሮናል።

ተርጓሚው ትጉህ ሰው ስለ ሆነ ጥፋቱን በእርሱ ላይ ብቻ መጫን አይገባም። የአሜሪካ ሕግ አውጪ ዓመታዊው ምጣኔ ለተበዳሪ ተለይቶ እንዲገለጽ ያስገደደው እ.ኤ.አ. በ1968 ነው፤ ሦስተኛው ቁጥር በመግለጫው ውስጥ የገባውም እ.ኤ.አ. በ2015 በሥራ ላይ በዋለው ቅጽ ነው። በእንግሊዝኛው እንኳ ስሞቹ ገና ወጣቶች ናቸው። በአማርኛ ግን ለእነዚህ ሁሉ ያለን አንድ ቃል ብቻ፣ ይኸውም «ወለድ» መሆኑ ከየት እንደ መጣ መመርመር ይገባል። ምርመራውም ከባንክ ቤት ወጥቶ ወደ እርሻ ማሳ ይወስደናል።

«ወለድ» ከ«ወለደ» የወጣ መሆኑን ለማስረዳት ብዙ መድከም አያሻም። ገንዘብ ገንዘብን ይወልዳል የሚለው አስተሳሰብ የአማርኛ ብቻ አይደለም፤ የግሪኩ «ቶኮስ» ልጅንም ወለድንም ይጠራል። አሪስጣጣሊስ «ፖለቲካ» በተባለው መጽሐፉ ወለድን ከገቢ ዓይነቶች ሁሉ ለባሕርይ የማይስማማው ነው ብሎ ሲነቅፍ መነሻ ያደረገው ይህንኑ ቃል ነው። ዕብራይስጡ ግን «ነሼክ» ሲል ነገሩን የሚያየው ከተበዳሪው ወገን ሆኖ ነው፤ ቃሉ ከመንከስ የወጣ ነውና። የዐረብኛው «ሪባ» መጨመርን፣ ማደግን ያመለክታል። ግእዝ «ርዴ» የሚል የራሱ ቃል ነበረው፤ ይህ ቃል ወደ ዛሬው የአማርኛ የገንዘብ አነጋገር አልተሻገረም። ስለዚህ በአማርኛ የቀሩት «ወለድ» እና «አራጣ» ሆኑ።

የሁለቱ ድርሻ የተከፋፈለበት መንገድ ለጉዳያችን ዋና ነገር ነው። «አራጣ» የነውርና የኃጢአት ሽታ ያለው ቃል ሲሆን በወንጀል ሕጋችንም የወንጀሉ ስም ሆኖ ይገኛል። «ወለድ» ግን ነውሩን ሁሉ ለ«አራጣ» አስረክቦ ንጹሕ የሒሳብ ቃል ሆነ። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ በብድር ውል የሚወሰነው ወለድ በዓመት ከመቶ 12 እንዳያልፍ ሲደነግግ የሁለቱ ድንበር በቁጥር የተተከለ ይመስል ነበር። በእኛ አስተያየት ግን ድንበሩ የተተከለው በዓመቱ ላይ እንጂ በዘመኑ ላይ አይደለም። በዓመት 6 የሚከፍል ሰው በ30 ዓመት ከተበደረው በላይ ወለድ መክፈሉን «ወለድ» የሚለው ጨዋ ቃል አይነግረውም፤ «አራጣ» ቢባል ኖሮ ምናልባት ቆጠራ በጀመረ ነበር።

ወደ ሁለተኛው ቃል፣ ወደ «መያዣ» እንለፍ። «ያዘ» የግእዙ «አኀዘ» የአማርኛ መልክ ነው፤ «መያዣ»ም ባለገንዘቡ እስኪከፈለው ድረስ የሚይዘው ነገር ማለት ነው። የፍትሐ ብሔር ሕጋችንን በፈረንሳይኛ ያረቀቁት ፕሮፌሰር ሬኔ ዳቪድ ሲሆኑ፣ ሕጉ በነጋሪት ጋዜጣ የወጣው በአማርኛና በእንግሊዝኛ ነው። የአማርኛው ተርጓሚዎች በፈረንሳይኛ «ኢፖቴክ» የሚባለውን ነገር «የማይንቀሳቀስ ንብረት መያዣ» ብለው መለሱት። መልካም ትርጉም ነው፤ ነገር ግን አንድ እክል አለበት። በ«ኢፖቴክ» ባለገንዘቡ ምንም አይዝም። ቤቱ በባለዕዳው እጅ ይቀራል፤ ባለዕዳው ይኖርበታል፣ ያከራየዋል፤ የባለገንዘቡ መብት ያለው በመዝገብ ላይ ነው። «መያዣ» የሚለው ቃል የሚስማማው በእጅ ለሚያዘው፣ ለወርቁና ለጠመንጃው ነበር። የዛሬው ተበዳሪ «ቤቴን አስያዝሁ» ሲል በቃሉና በሁኔታው መካከል ያለው ክፍተት አይታየውም፤ ዕዳው ሳይከፈል ቀርቶ ቤቱ ሲሸጥ ግን ቃሉ ወደ ጥንት ፍችው ይመለሳል። በ1990 ዓ.ም. የወጣው ዐዋጅ ቁጥር 97 ለባንኮች የተያዘውን ንብረት ያለ ፍርድ ቤት እንዲሸጡ ሥልጣን ከሰጠ ወዲህ ደግሞ ያ መመለስ ፈጣን ሆኗል።

ይሁንና የማይንቀሳቀስ ንብረት በእርግጥ ከእጅ ወደ እጅ የሚተላለፍበት ሌላ ውል በአገራችን ነበር፤ ይኸውም «ወለድ አግድ» ነው። በቅርጹ እንደ «ዓይን አውጣ» እና እንደ «ልብ አውልቅ» ካሉት ጥምር ስሞች ጋር ይሰለፋል፤ ስለዚህ ወለድን የሚያግድ፣ ወለድ እንዳይጠየቅ የሚያደርግ ነገር ብለን እንፈታዋለን። አሠራሩም እንዲህ ነው። ገበሬው በሬው ሲሞትበት ወይም ሠርግና ተዝካር ሲመጣበት ገንዘብ ይበደራል፤ መሬቱን ለአበዳሪው ይለቃል። አበዳሪው ያርሳል፣ ያዘምራል፣ ምርቱን ወደ ጎተራው ያስገባል። ወለድ የሚባል ነገር አይነሣም። ባለመሬቱ ዋናውን ገንዘብ ባመጣ ጊዜ መሬቱን ይረከባል።

አሁን ቆጠራውን እናካሂድ። ባለመሬቱ ውሉን ባደረገ በአሥረኛው ዓመት ዕዳው ስንት ነው? በመጀመሪያው ቀን የነበረው ያው ነው። የአሥር ዓመት ምርት ሄዷል፤ ከዋናው ግን አንዲት ብር አልተነሣችም። ገንዘቡን አፍርቶ እንዳይመልስ ደግሞ የሚያፈራበት መሬት በሌላው እጅ ነው። ስሙ ወለድን አግጃለሁ ቢልም የታገደው የወለዱ መጠራት ብቻ ነበር። አንድም ወገን በክፋት ተነሥቶ ይህን አላደረገ ይሆናል፤ ቃሉ ግን ዋጋውን ከዓይን ሰውሮት ኖሯል።

እዚህ ላይ የአውሮፓውን ታሪክ ማምጣታችን ለጌጥ አይደለም። እንግሊዞች ለቤት ብድር የሚጠሩበት «ሞርጌጅ» ከጥንት ፈረንሳይኛ የመጣ ሲሆን ፍችው «የሞተ መያዣ» ነው። በ12ኛው መቶ ዓመት መጨረሻ የተጻፈውና በግላንቪል ስም የሚታወቀው የእንግሊዝ ሕግ መጽሐፍ፣ የመሬቱ ፍሬ ከዕዳው የማይቀነስበትን መያዣ «የሞተ» ይለዋል። በዚያው ዘመን ፍሬው ከዕዳው እየተቀነሰ የሚሄድበት መያዣ ደግሞ «ሕያው» ይባል ነበር። እንግዲህ የግላንቪል «የሞተ መያዣ» ሌላ ሳይሆን የእኛ ወለድ አግድ ነው! የምዕራብ ቤተ ክርስቲያንም ነገሩን አላጣችውም፤ እ.ኤ.አ. በ1163 በቱር የተደረገው ጉባኤ ካህናት በእንዲህ ያለ መያዣ እንዳያበድሩ ሲከለክል፣ ፍሬው ከዋናው መቀነስ አለበት ብሎ ነው።

በ15ኛው መቶ ዓመት የነበረው ሊትልተን ግን ቃሉን በሌላ መንገድ ፈታው። ባለዕዳው በቀኑ ካልከፈለ መሬቱ ለእርሱ ሞተ፤ ከከፈለም መያዣው ለባለገንዘቡ ሞተ አለ። ኮክ እ.ኤ.አ. በ1628 ባሳተመው ሐተታው ይህን ስላጸናው ዛሬ በየመዝገበ ቃላቱ የሚጠቀሰው የሊትልተን ፍች ነው። ለቃል ታሪክ ተመራማሪ የሚያስቆጨው ይህ ነው። የቀደመው ፍች ስለ ዋጋ ይናገር ነበር፤ የኋለኛው ስለ ቀነ ቀጠሮ ይናገራል። «ዕዳዬ እየቀነሰ ነውን?» የሚለው ጥያቄ ከቃሉ ወጥቶ «በጊዜው እከፍል ይሆን?» የሚለው ገባበት።

የሬኔ ዳቪድ ረቂቅ «አንቲክሬዝ» የሚባለውን የፈረንሳይ ውል ለብቻው አስቀምጦት ነበር፤ የአማርኛው ተርጓሚዎች ወለድ አግድን አምጥተው በዚያ ቦታ አኖሩት። ከሕጉ ትርጉሞች ሁሉ ከልብ የምናደንቀው አንዱ ይህ ነው፤ የባዕድ ቃል ሳይዋሱና አዲስ ሳይፈጥሩ የገበሬውን ቃል ለሕግ አበቁት። ይሁንና ዕድሜው አጭር ሆነ። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የወጣው የገጠር መሬት ዐዋጅ መሬት እንዳይሸጥ፣ እንዳይለወጥ፣ በመያዣም ሆነ በወለድ አግድ እንዳይተላለፍ ከለከለ። በሐምሌ ወር የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት ዐዋጅ ተከተለ። በ1968 ዓ.ም. ሁለት የቀድሞ የቁጠባና የቤት መሥሪያ ድርጅቶች ተዋሕደው የቤትና ቁጠባ ባንክ ተቋቋመ። ባንኩ በ1987 ዓ.ም. የኮንስትራክሽንና ቢዝነስ ባንክ ተብሎ፣ በ2008 ዓ.ም. ከኢትዮጵያ ንግድ ባንክ ጋር ተዋሐደ። «የቤት ብድር» የሚለው አነጋገር በከተማው ሕዝብ አፍ ሥር የሰደደው በዚህ ዘመን ይመስለናል።

«የቤት ብድር» ከሦስቱ ስሞች ሁሉ ለስላሳው ነው። መያዣውን አይጠራም፤ ወለዱንም አይጠራም። «ብድር» ደግሞ በአማርኛ ውለታንና አጸፋውን የሚያጣምር ቃል ነው፤ «ብድሬን መለስሁ» የሚል ሰው የተቀበለውን ያህል መለሰ ማለት ነው። በሰነዳችን ያለው ቤተሰብ ግን የተቀበለውን ያህል አይመልስም።

ወደ ሰነዱ እንመለስና ዝርዝሩን እንይ። የወሩ ክፍያ 1,798.65 ዶላር ነው። በመጀመሪያው ወር ከዚህ ውስጥ 1,500 ወለድ ሲሆን ከዋናው የሚነሣው 298.65 ብቻ ነው። በአሥረኛው ዓመት መጨረሻ 215,838 ያህል ተከፍሎ ዕዳው ገና 251,057 ያህል ነው። ከወሩ ክፍያ የዋናው ድርሻ ከወለዱ ድርሻ የሚበልጠው በ223ኛው ክፍያ፣ ማለትም በ19ኛው ዓመት በሰባተኛው ወር ነው። ሁሉም ሲያልቅ የተከፈለው 647,515 ያህል፣ ከዚህም ወለዱ 347,515 ያህል ይሆናል። ይኸው ብድር በዚያው ወለድ በ15 ዓመት የሚያልቅ ቢሆን ኖሮ የወሩ ክፍያ 2,531.57፣ ጠቅላላው ደግሞ 455,683 ያህል በሆነ ነበር፤ በየወሩ 733 ያህል መጨመር 191,832 ያህል ያስቀራል። እንግዲህ ይህ ብድር ሞቷል ባይባልም በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ወደ ግላንቪል የሞተ መያዣ በጣም ይጠጋል። በእርግጥ ለፍትሕ ስንል የሚጨመር አለ፤ ቤተሰቡ በእነዚያ ዓመታት በቤቱ ይኖራል፣ ኪራይ አይከፍልም፤ በ30ኛው ዓመት የሚከፈል ዶላርም የዛሬውን ያህል አይገዛም። እነዚህ ግን ድምሩ ከታወቀ በኋላ የሚመዘኑ ነገሮች ናቸው።

በአማርኛ «በመቶ» የሚለውም ብቻውን አይበቃም። 100,000 ብር ለአምስት ዓመት በመቶ 12 ቢበደሩ፣ ወለዱ ሁልጊዜ በመጀመሪያው ገንዘብ ላይ ከታሰበ 60,000 ብር ይሆናል፤ በየወሩ በሚቀረው ዕዳ ላይ ከታሰበ ግን 33,467 ብር ያህል ነው። ሁለቱም ውሎች «በመቶ 12» ይላሉ። ተርጓሚ «በቀሪው ዕዳ ላይ» ወይም «በመነሻው ገንዘብ ላይ» የሚለውን ሐረግ ለማሳጠር ብሎ ከዘለለ 26,533 ብር ዘለለ ማለት ነው።

የስያሜ ሐሳባችንን እናቅርብ። ለመጀመሪያው ቁጥር «የውል ወለድ»፣ ለሁለተኛው «ወጪ አካታች ዓመታዊ ምጣኔ»፣ ለሦስተኛው «የጠቅላላ ወለድ ድርሻ» እንላለን። ለሦስተኛው «የዕድሜ ልክ ወለድ» የሚል ሐሳብ ቀርቦ ነበር፤ «ዕድሜ ልክ» በአማርኛ ወደ ወህኒ ቤት ስለሚወስድ ተውነው፤ ተገቢ ነው ያሉ ባልደረቦችም አልጠፉም። ከእነዚህ ጋር «ጠቅላላ ክፍያ» በገንዘብ ልክ እንጂ በመቶኛ እንዳይጻፍ እንመክራለን።

የሚያስቸግረው በፈረንሳይኛ «አሞርቲስማን» የሚባለው ነው። እርሱም ሥሩ ሞት ነው፤ ዕዳን ጥቂት በጥቂት መግደል ማለት ነው። የሒሳብ ባለሙያዎቻችን የንብረት ዋጋ መቀነስን «እርጅና» ብለው በሚገባ ስለ ጠሩት ይህን ቃል ለዕዳ ማዋል መደናገርን ያመጣል። «ዕዳ መግደል» ደግሞ ሰሚውን ያስደነግጣል። እኛ «ዕዳ ማሟጠጥ» የሚለውን መርጠናል፤ ከማድጋ የመጨረሻውን ጠብታ ማውጣትን ስለሚያሳስብ ቀስ በቀስ መሆኑንም፣ ማለቁንም ይይዛል። በየወሩ ስንቱ ለወለድ፣ ስንቱ ለዋናው እንደሚሄድ የሚያሳየውም «የዕዳ ማሟጠጫ ሠንጠረዥ» ይሆናል። ቃሉ ጠንከር ማለቱን አንክድም፤ 360 ረድፍ ላለው ሠንጠረዥ ግን አይከብድም።

«ወለድ አግድ» በሕግ ቃልነቱ እንዲቆይ፣ ለባንክ ብድር ግን ፈጽሞ እንዳይውል እናሳስባለን፤ በአንዳንድ ትርጉሞች «ሞርጌጅ»ን በእርሱ የመመለስ ዝንባሌ አይተናል። የግላንቪልን ዘመን ለሚተረጕም ሰው ብቻ ትክክል ነው። ለዛሬው ውል መያዣውን «የቤት መያዣ»፣ ገንዘቡን «በቤት መያዣ የተሰጠ ብድር» ማለት ይሻላል፤ ይረዝማል፣ ነገር ግን ሁለቱን ነገሮች ሁለት አድርጎ ያሳያል።

ሰነዱን በእነዚህ ስሞች አርመን መልሰናል። ከሁለት ሳምንት በኋላ ባለጉዳዮቹ በተርጓሚው በኩል አንድ ጥያቄ ላኩብን፤ በየወሩ ትንሽ ጨምረው ቢከፍሉ ጭማሪው ከየትኛው ዓምድ እንደሚቀነስ ለማወቅ ፈልገው ነው። ከ«ዋናው» ዓምድ መሆኑን፣ ይህም በውላቸው መጻፉን እንዲያረጋግጡ ጽፈንላቸዋል።