የፈቃድ ዕድሳትና የሹም ፈቃድ

ፈቃድ የሚለው ቃል በቋንቋችን ሁለት ትርጕም አለው። አንደኛው በሕግ መሠረት የሚሰጥ ማስረጃ ሲሆን፣ ሁለተኛው የሰው መሻት ወይም ውዴታ ነው። የማዘጋጃ ቤት ሥራ የሚበላሸው ሁለቱ ሲደባለቁ ነው። ለዚህ አብነት የሚሆን ክርክር በአሜሪካ፣ በሳን ፍራንሲስኮ ከተማ ተነሥቶ እ.ኤ.አ. በ1886 ፍጻሜ አግኝቷል።

የከተማው ምክር ቤት እ.ኤ.አ. በ1880 ባወጣው ደንብ፣ በጡብ ወይም በድንጋይ ባልተሠራ ቤት ውስጥ የልብስ ማጠብ ሥራ የሚያካሂድ ሁሉ የምክር ቤቱን ፈቃድ እንዲያገኝ አዘዘ። ምክንያቱ የእሳት አደጋን መከላከል ነው ተባለ። አብዛኛው ቤቷ ከእንጨት የታነጸ ከተማ እሳትን ብትፈራ የሚያስነቅፋት አይደለም። ሆኖም ደንቡ ፈቃድ የሚሰጥበትንም ሆነ የሚከለከልበትን መመዘኛ አልዘረዘረም። በጊዜው ከነበሩት 320 ያህል የልብስ ማጠቢያ ቤቶች 310 የሚሆኑት የእንጨት ነበሩ፤ ከጠቅላላውም 240 ያህሉ የቻይናውያን ንብረት ነበሩ።

ከባለቤቶቹ አንዱ በፍርድ መዝገብ ዪክ ዎ ተብሎ የተጠራው ሰው ነው። በዚያው ቤት 22 ዓመት ሠርቷል። እ.ኤ.አ. በ1884 የእሳት አደጋ ተቆጣጣሪዎች ምድጃዎቹንና የማድረቂያ መሣሪያዎቹን መርምረው አደገኛ አለመሆናቸውን አረጋግጠውለታል፤ የጤና ሹሙም የፍሳሹን መውረጃ ተመልክቶ የምስክር ወረቀት ሰጥቶታል። ይሁን እንጂ እ.ኤ.አ. በ1885 የፈቃዱ ዘመን ሊያበቃ ሲል ያቀረበው ማመልከቻ ውድቅ ሆነ። እንደሱ ያመለከቱ 200 ቻይናውያንም ተከለከሉ። ቻይናውያን ያልሆኑ 80 ሰዎች ግን በተመሳሳይ ሁኔታ እንዲሠሩ ተፈቀደላቸው።

ዪክ ዎ ሥራውን ባለማቋረጡ 10 ዶላር ተቀጣ፤ ባለመክፈሉም ታሰረ። የካሊፎርንያ ጠቅላይ ፍርድ ቤት አቤቱታውን አልተቀበለውም። የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ግን፣ ዳኛ ስታንሊ ማቲውስ በጻፉት ውሳኔ፣ በአንድ ድምፅ እንዲፈታ አዘዘ። የውሳኔው ፍሬ ነገር፣ ሕግ በጽሑፉ እንከን የሌለው ቢመስልም እንኳ በአድልዎ ከተፈጸመ እኩልነትን ይነፍጋል የሚል ነው። የሕገ መንግሥቱ 14ኛ ማሻሻያ የሚሰጠው ጥበቃም ለዜጋ ብቻ ሳይሆን በአገሩ ግዛት ለሚገኝ ሰው ሁሉ መሆኑን አስረዳ።

ለእኛ ለሞያው ሰዎች ከዚህ ክርክር የሚተርፈን ትምህርት ቀላል አይደለም። የተቆጣጣሪዎቹ ማስረጃ በመዝገቡ ውስጥ ሳለ፣ ምክር ቤቱ ከራሱ ውዴታ በቀር ለክልከላው ያቀረበው ምክንያት አልነበረም። የእሳት አደጋ የሚለው የሞያ ቃል የአድልዎ መሸፈኛ ሆኖ ተገኘ። አዲስ ፈቃድ የተነፈገ ሰው የሚያጣው ተስፋውን ነው፤ ዕድሳት የተነፈገ ግን የኖረበትን እንጀራ ያጣል። ስለዚህ ዕድሳትን የምንመረምር ሁሉ መመዘኛው አስቀድሞ የታወቀ፣ የክልከላውም ምክንያት በጽሑፍ የሰፈረ መሆኑን ልናረጋግጥ ይገባል። ይህ ካልሆነ የመረመርነውና የፈረምንበት ሁሉ ከንቱ ይሆናል፤ ፈቃድም የሕግ መሆኑ ቀርቶ የሹም ይሆናል።