ከምኩራብ ወደ ቤተ ክርስቲያን፦ የጥቂት ቃላት ጉዞ

ሰው ሲሰደድ ዱካው ይጠፋል፤ ድንበር ተሻግሮ ሁለት ሦስት ትውልድ ከኖረ በኋላ መልኩም ልማዱም አገሬውን ይመስላል። ቃል ግን እንዲህ አይደለም። የተሰደደ ቃል የመጣበትን አገር ምልክት ይዞ ይኖራል፤ አንዳንዴ በአንዲት ፊደል፣ አንዳንዴም በእርባታው ጠባይ። ለመሆኑ ከአፋችን የማይጠፉት «ሃይማኖት»፣ «ምጽዋት»፣ «ታቦት»፣ «ጣዖት»፣ «ኦሪት» የማን ናቸው? «የግእዝ ናቸው» የሚለው መልስ እውነት ነው፤ ነገር ግን ግማሽ እውነት ነው።

«ሃይማኖት»ን እንውሰድ። ግሱ «አመነ» ነው። ግእዝ በራሱ ሥርዓት ሲያረባው «እምነት» ይላል፣ «አሚን»ም ይላል። ታዲያ ከፊቱ የተደነቀረችው «ሃይ» ከወዴት መጣች? በግእዝ እርባታ ውስጥ ቦታ የላትም። ቦታዋ በአረማይክ ነው፤ ከባቢሎን ምርኮ ወዲህ አይሁድ በተናገሩት፣ በክርስቶስም ዘመን በገሊላ ይነገር በነበረው ቋንቋ። በአረማይክ «ሃይሜን» ማለት «አመነ»፣ «ሃይማኑታ» ማለት ደግሞ «እምነት» ነው።

ጀርመናዊው ሊቅ ቴዎዶር ኖልደከ እ.ኤ.አ. በ1910 ባሳተመው ሥራው እንዲህ ያሉትን ቃላት ሰብስቦ መርምሯል። ብዙዎች ቃላቱን ያመጡት ከሶርያ ወገን መጡ የሚባሉት ዘጠኙ ቅዱሳን እንደሆኑ ያምኑ ነበር፤ የሶርያ ክርስቲያኖች ቋንቋም ከአረማይክ አንዱ ስለሆነ ግምቱ መሠረት የለሽ አልነበረም። እ.ኤ.አ. በ1964 ግን በኢየሩሳሌም የዕብራይስጥ ዩኒቨርሲቲ መምህር የነበረው ፖሎትስኪ አንድ ቀላል ጥያቄ አነሣ፦ የሶርያ ክርስቲያኖች በእርግጥ እነዚህን ቃላት በዚህ ፍቺ ይናገሯቸዋልን? «ሃይማኑታ»ን ይናገሩታል፤ ስለዚህ ይህ ቃል ብቻውን ነገሩን አይለይም። የታቦት ስማቸው ግን «ቄቡታ» ነው። ለድኻ የሚሰጠውንም ምጽዋት በሚለው ቃል አይጠሩትም። እነዚህ ቃላት የሚገኙት በአይሁድ አረማይክ ነው።

ከሁሉም «ምጽዋት» ይደንቃል። በዕብራይስጥ «ሚጽዋ» ትእዛዝ ማለት ነው፤ የአይሁድ መምህራን በኦሪት ውስጥ 613 ትእዛዛት አሉ ብለው ይቈጥራሉ። ዳሩ ግን በፍልስጥኤም ይኖሩ በነበሩት አይሁድ አነጋገር «ትእዛዝ» ሲባል ከትእዛዛት ሁሉ የሚቀድመው፣ ለድኻ መስጠት፣ ይታሰብ ጀመር። ቃሉ ወደ ግእዝ የገባው ይህንን የጠበበ ፍቺ ይዞ ነው። «መጽወተ» የሚለው ግስ ራሱ ከስሙ የተወለደ ሲሆን የባዕዱን ቃል መነሻ «መ» እና መድረሻ «ተ» እንደ ሥር ፊደል ቈጥሮ ያረባል። ዛሬ በቤተ ክርስቲያን ደጃፍ ሳንቲም የሚመጸውት ሰው ሳያውቀው «ትእዛዝ» የሚለውን የጥንት ቃል ይፈጽማል።

«ታቦት»ም የራሱ ታሪክ አለው። የዕብራይስጡ መጽሐፍ ለኖኅ መርከብ «ቴባ»፣ ለሙሴ የቃል ኪዳን ታቦት ደግሞ «አሮን» የሚሉ ሁለት ስሞች አሉት። የግሪኩ ትርጉም ሁለቱንም በአንድ ቃል፣ «ኪቦቶስ» ብሎ ጠራቸው። ግእዙም ከግሪክ ሲተረጐም ሁለቱን «ታቦት» አላቸው፤ የግሪኩን ስም ግን አልወሰደም። እዚህ ላይ ልብ ማለት ይገባል። «ወንጌል»፣ «ጳጳስ»፣ «ኤጲስ ቆጶስ»፣ «ዲያቆን» ከነድምፃቸው ከግሪክ የመጡ ናቸው። ተርጓሚው ከግሪክ እየገለበጠ ሳለ «ታቦት» እና «ምጽዋት» ላይ ሲደርስ ግሪኩን ትቶ የአይሁድን ቃል ከጻፈ፣ ቃሉ አስቀድሞ በአገሩ ይታወቅ ነበር ማለት ነው። የፖሎትስኪ ክርክር ጥንካሬም ከዚህ ላይ ነው።

በ200 ዓ.ም. ግድም የተጠናቀረው ሚሽና የተባለው የአይሁድ ሕግ መጽሐፍ ዝናም ሲጠፋ ስለሚታወጀው ጾም ሲደነግግ፣ ሕዝቡ የኦሪት ጥቅልሎች የሚቀመጡበትን «ቴባ» ወደ ከተማው አደባባይ እንዲያወጣ፣ ዐመድም እንዲነሰንስበት ያዝዛል። በድርቅ ዘመን ለምሕላ ታቦት ሲወጣ ያየ ኢትዮጵያዊ ይህን ሲያነብ ባዕድ ነገር ያነበበ አይመስለውም። ይሁን እንጂ ተመሳሰለ ማለት አንድ ነው ማለት አይደለም፤ የምኩራቡ ሣጥን የኦሪት ማኖሪያ ነው፣ የእኛው ጽላት ደግሞ ቍርባን የሚከብርበት ነው።

ቃላቱ በምን መንገድ መጡ? ቀይ ባሕር ሰፊ አይደለም። ከአራተኛው መቶ ዘመን መጨረሻ ወዲህ የሂምያር ነገሥታት ወደ አይሁድ እምነት ማዘንበላቸውን የደቡብ ዐረብ የድንጋይ ጽሑፎች ይመሰክራሉ፤ በእነዚሁ ጽሑፎች የጸሎት ቤት ስም «ምክራብ» ነው። «ምኩራብ» የሚለው የግእዝ ቃል የቅርብ ዘመዱ ይመስላል። ዐፄ ካሌብ እ.ኤ.አ. በ525 ግድም ባሕር ተሻግረው የወጉትም የአይሁድን እምነት የተቀበለውን የሂምያር ንጉሥ ነው። ነገር ግን ቃላቱ በአክሱም አይሁድ መኖራቸውን ያስረዳሉ ወይስ ክርስትናን ያመጡት ሰዎች ራሳቸው ከአይሁድ ወገን ነበሩ? በዚህ ላይ ሊቃውንት አልተስማሙም። ቃል መንገደኛው ማለፉን ይነግረናል፤ ስሙን ግን አይነግረንም።

የቃል ፍቺ የመጽሐፍ ቤት ጨዋታ ብቻ የሚመስለው ሰው «ሰንበት»ን ያስታውስ። በዕብራይስጥ ሰባተኛዋ ቀን ናት፤ ለክርስቲያን እሑድ ከበረች። የአባ ኤዎስጣቴዎስ ወገኖች «ሁለቱም ይከበሩ» በማለታቸው ተገፉ፤ መምህራቸውም አገር ጥለው ሄደው እ.ኤ.አ. በ1352 በአርመን ዐረፉ። ክርክሩ እልባት ያገኘው ከመቶ ዓመት ግድም በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1450፣ ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ በደብረ ምጥማቅ ባስደረጉት ጉባኤ ነው። «ሰንበት» ስንት ቀን ነው የሚለው ጥያቄ ሰውን ከአገር አሰድዷል።

በእኛም ዘመን ተመሳሳይ ነገር ሆኗል። ቤተ እስራኤሎች ካህናቸውን «ቄስ»፣ የጸሎት ቤታቸውን «መስጊድ»፣ መጽሐፋቸውን «ኦሪት» ይላሉ። የማያውቅ ሰው የመጀመሪያውን ሰምቶ ክርስቲያን፣ ሁለተኛውን ሰምቶ እስላም ሊላቸው ይችላል፤ «ቄስ» ግን ከሶርያው «ሽማግሌ» ከሚለው ቃል የመጣ ነው፣ «መስጊድ»ም የስግደት ቦታ ማለት ነው። ከሱዳን ወደ እስራኤል በብዛት ከተጓዙ በኋላ የአገሪቱ ዋና ረቢነት አይሁድነታቸውን ለማረጋገጥ በውኃ የመጥለቅ ሥርዓት እንዲፈጽሙ ጠየቀ። በአይሁድ ሕግ ይህ የመንጻት ሥርዓት ነው። በአማርኛ ግን በውኃ ጠልቆ ወደ አዲስ እምነት መግባት ከ«ጥምቀት» በቀር ምን ሊባል ይችላል? አባቶቻቸው ለዘመናት እምቢ ብለው የኖሩት ደግሞ ጥምቀትን ነው። እ.ኤ.አ. በ1985 በኢየሩሳሌም በረቢነቱ ጽሕፈት ቤት ፊት ለፊት አንድ ወር ያህል ተቀምጠው ተቃወሙ። ነገሩ የክብርም የሥልጣንም ጉዳይ ነበር፤ የአንድ ሥርዓት ስም ከቋንቋ ወደ ቋንቋ ሲያልፍ የሚሸከመው ትዝታም አብሮ ነበረበት።

እንግዲህ የቃልን ምንጭ ማወቅ መልካም ነው፤ ምንጩን ያወቀ ግን ባለቤቱን አወቀ ማለት አይደለም። «ምጽዋት» ከአይሁድ ስለ መጣ የአይሁድ ብቻ አይደለም፤ «ቄስ» ክርስቲያን ስለሚጠራበት የክርስቲያን ብቻ አይሆንም። የሌላውን ሃይማኖት ቃል የሰማ ሰው በራሱ ቤት ፍቺ ከመፍረዱ በፊት «በእናንተ ቤት ይህ ምን ማለት ነው?» ብሎ ቢጠይቅ ከብዙ ጠብ ይድናል። አያቶቻችን ከጎረቤት የተዋሷቸው ቃላት ዛሬም የምንጸልይባቸው ናቸውና።