ወለተ የሚለው የክርስትና ስም

ሴት ሕፃን በ80 ቀኗ ስትጠመቅ ካህኑ ከሚያወጣላት ስም አንዱ ሁለት ቃላት የተጋቡበት ሲሆን፣ ሴት ልጅ ማለት የሆነው የግእዙ «ወለት» የቅዱሱን ስም ዘርፍ አድርጎ ሲይዝ ሣድሱን «ት» ወደ «ተ» ለውጦ ወለተ ማርያም፣ ወለተ ሚካኤል ይሆናል። እቴጌ ምንትዋብ ወለተ ጊዮርጊስ፣ እቴጌ ጣይቱም ወለተ ሚካኤል ተብለው መጠመቃቸውን የሚያውቅ ጥቂት ነው፤ ይህን መሰሉ ስም ከዓለሙ ስም በታች ተሰውሮ በጸሎትና በፍትሐት ጊዜ ይነሣልና።

ስሙን በአደባባይ ያስከበረችው ግን ዐፄ ሱስንዮስ የሮምን ሃይማኖት ባወጁ ጊዜ አልቀበልም ብላ ባሏን ትታ የመነነችው ቅድስት ወለተ ጴጥሮስ ናት። የጴጥሮስ ልጅ የተባለችው የጴጥሮስ ወራሽ ነኝ ያለውን መንበር መቃወሟ፣ ለእኔ፣ ከስሞች ታሪክ ሁሉ የሚያስደንቀው ነው። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1642 ዐርፋ፣ ከ30 ዓመት በኋላ ገላውዴዎስ የተባለ መነኩሴ ገድሏን በግእዝ ጻፈ።