ቡና የተባለው ኮከብ
የጥንት ግሪኮች በተረታቸው፣ ኬፌዎስ የሚባል የኢትዮጵያ ንጉሥ ነበረ ይላሉ። ሚስቱ ካሲዮፔያ በውበት ስለ ተመካች የባሕር አውሬ በአገሩ ላይ ተነሣ፤ ልጃቸው አንድሮሜዳም ባልሠራችው በደል ከቋጥኝ ጋር ታሰረች። በኋላ ስማቸው ለከዋክብት ተሰጠ። ወጣቶች ሆይ፣ ይህ ሁሉ ሲተረት እኛን የጠየቀ አልነበረም።

በ2012 ዓ.ም. ግን ዓለም አቀፉ የሥነ ፈለክ ኅብረት ለየአገሩ የስያሜ ዕድል ሲሰጥ፣ ለኢትዮጵያ የደረሳት ኮከብ በዚያችው በአንድሮሜዳ ክልል ያለ ነበረ። ኮከቡ «ቡና»፣ የሚዞረው ፕላኔት «አቦል» ተባሉ። የንጉሥ ስም አለመመረጡ ደግ ነው፤ ከጣና ማዶ የዘጌን የቡና ጫካ የሚያውቅ የሐሙሲት ልጅ ትርጉሙን አይጠይቅም።

ኮከቡ 196 የብርሃን ዓመት ያህል ይርቃል፤ በዓይን ብቻ አይታይም። አቦል አንዱን ዙር ለመጨረስ ወደ 1000 ቀን ይፈጅበታል፤ ቶናና በረካ ገና አልተገኙም።