ካሜራው ኮረም ሲደርስ

ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. ቢቢሲ ከኮረም የመጣ ዘገባ አሰራጨ። በማለዳው ብርድ ሜዳ ሞልተው የተቀመጡ ርሃብተኞች፣ በጨርቅ የተጠቀለሉ አስከሬኖችና አልቃሽ ቤተሰቦች ታዩ። ዘጋቢው ማይክል በርክ ነበር። ምስሉን የቀረጸው ደግሞ ኬንያዊው መሐመድ አሚን ነው።

አሚን እ.ኤ.አ. በ1943 ናይሮቢ ተወለደ። በ20 ዓመቱ ገደማ ዳሬሰላም ላይ ካሜራፒክስ የተባለውን ድርጅቱን አቋቋመ። የዛንዚባርን አብዮት ቀረጸ፤ ኋላም እዚያው ወደ አንድ ወር ገደማ ታሰረ። እ.ኤ.አ. በ1969 የኬንያው ሚኒስትር ቶም ምቦያ በጥይት ሲመታ ፈጥኖ ደርሶ ያነሳው ፊልም በእንግሊዝ የዓመቱ ምርጥ የዜና ካሜራ ባለሙያ አሰኘው።

የኮረሙን ምስል ከ400 በላይ የቴሌቪዥን ጣቢያዎች ተቀባበሉት። ቦብ ጌልዶፍን ያነሳሳው ይኸው ዘገባ ነው፤ በሐምሌ 1977 የተካሄደው የላይቭ ኤይድ ኮንሰርትም የዚሁ ውጤት ነበር። እህል መጣ፣ ብዙ ነፍስ ተረፈ።

ይሁንና ረሃቡ ያን ቀን አልጀመረም። የእርዳታ ማስተባበሪያ ኮሚሽን ከወራት በፊት አስጠንቅቆ ነበር። መንግሥት ግን የአብዮቱን 10ኛ ዓመት እያከበረ ስለነበር ጋዜጠኞች ወደ ሰሜን እንዳይሄዱ ከለከለ። የሚያሳዝነው ነገር፣ ደርግ ራሱ ንጉሡን ከማውረዱ በፊት በነበረው ምሽት ጆናታን ዲምብልቢ የሠራውን የወሎ ረሃብ ፊልም በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን አሳይቶ ነበር። ረሃብ በመደበቅ ንጉሡን የከሰሰ መንግሥት፣ በ10 ዓመቱ የራሱን ረሃብ ደበቀ።

ዛሬ ብዙ ኢትዮጵያውያን «አገራችንን የረሃብ ምሳሌ ያደረጋት ያ ፊልም ነው» ይላሉ። ቅሬታው እውነት አለው። ምስሉ የተራበውን ሰው አሳየ እንጂ ጦርነቱና የመንግሥት ፖሊሲ ድርቁን እንዴት ወደ እልቂት እንደለወጡት አላሳየም። የተራቡት ሰዎችም ስማቸው ሳይነገር ቀረ።

አሚን ከኢትዮጵያ አልራቀም። በግንቦት 1983 መጨረሻ አዲስ አበባ ላይ የጥይት መጋዘን ሲፈነዳ የድምፅ ባለሙያው ጆን ማታይ ሞተ፤ አሚንም ግራ እጁን አጣ። ሰው ሠራሽ እጅ አስገጥሞ ወደ ሥራው ተመለሰ። ኅዳር 14 ቀን 1989 ዓ.ም. ከአዲስ አበባ ወደ ናይሮቢ ሲበር የተሳፈረበት የኢትዮጵያ አየር መንገድ አውሮፕላን ተጠለፈ፤ ነዳጅ ጨርሶ ኮሞሮስ አጠገብ ባሕር ላይ ወደቀ። ከ175ቱ ተሳፋሪዎችና ሠራተኞች 125ቱ ሞቱ፤ አሚንም አንዱ ነበር። ከጠላፊዎቹ ጋር ቆሞ ሲከራከር እንደነበር የተረፉት ተናግረዋል።

በፊልሙ ላይ የሚነሳው ቅሬታ ይነሳ። ግን ጥያቄው ከካሜራው በፊት ወደነበሩት ወራት ይመለስ፤ ኮረም ላይ ሰው ሲያልቅ የሚያውቁት ዝም ባይሉ ኖሮ፣ የአገሪቱን ረሃብ ለዓለም ለመንገር የጎረቤት ሰው መምጣት ባላስፈለገው ነበር።